ዐሥር ቀን የቀደመው ገና

ሐሙስ ጥቅምት 7 ቀን 1575 ዓ.ም. ማታ ሮም ከተማ ውስጥ የተኛ ሰው በማግስቱ ሲነሣ ዐሥር ቀን ጎድሎበት አገኘው። በአገሩ አቆጣጠር የተኛው ኦክቶበር 4 ቀን 1582 ነበር፤ የነቃው ግን ኦክቶበር 15 ላይ ነው። የሳምንቱ ዕለት አልተዛነፈም፤ ከሐሙስ ቀጥሎ ዓርብ መጣ። መካከል ላይ የነበሩት ቀኖች ግን ሰው ሳይወለድባቸው፣ ሰው ሳይሞትባቸው፣ ዕዳም ሳይከፈልባቸው አለፉ። ያስቀሯቸው ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጎርጎርዮስ 13ኛ ናቸው። በዚያው ዓመት ፌብሩዋሪ ውስጥ ባወጡት ዐዋጅ የካቶሊክ ዓለም ከጥንቱ የዩልዮስ ቄሣር አቆጣጠር ወደ አዲስ እንዲሻገር አዘዙ። ስፔንና ፖርቱጋልም ትእዛዙን ወዲያው ፈጸሙ።

በኢትዮጵያ፣ ጣና ሐይቅ ዳር ባለው በፎገራ ሜዳ ላይ ግን በዚያ ሌሊት የነጋው ተራ ዓርብ ነው፤ ጥቅምት 8። ርብና ጉማራ የተባሉት ወንዞች ክረምቱን ሞልተው የሚያስተኙት ውኃ በዚህ ወር ወደ ጣና ይሸሻል፤ ሜዳው ሣር ይሆናል፤ ከብቱም ከዳገቱ ይወርዳል። ዙፋኑ የዐፄ ሠርፀ ድንግል ነበር። ከሜዳው በስተ ሰሜን፣ እንፍራዝ ላይ ጣናን ቁልቁል የሚያየው የጉዛራ ግንብም የእርሳቸው ሥራ እንደሆነ ይነገራል። ሮም ውስጥ የጠፋው ዐሥር ቀን እዚህ አገር ማንንም አልነካም። ከአርባ ሦስት ዓመት በኋላ ግን ያ ጉድለት በመነኮሳት እጅ ተይዞ እዚሁ ጣና ዳር ደረሰ፤ ደምም አፈሰሰ።

ሮማውያን ቀን ማጥፋት ያስፈለጋቸው በስሌት ምክንያት ነው። ዩልዮስ ቄሣር ዓመቱን 365 ቀን ከ6 ሰዓት ብሎ ደነገገ። የፀሐይ ዓመት ግን ከዚህ በ11 ደቂቃ ያህል ያጥራል። ይህች ደቂቃ ተጠራቅማ በ128 ዓመት ገደማ አንድ ሙሉ ቀን ትሆናለች። በ325 እ.ኤ.አ. የኒቅያ ጉባኤ ሲደረግ ማርች 21 ላይ ይውል የነበረው የፀደይ እኩሌ፣ ማለትም ቀንና ሌሊት እኩል የሚሆኑበት ዕለት፣ በ16ኛው መቶ ዘመን ወደ ማርች 11 ሸሽቶ ነበር። የፋሲካ ስሌት ከዚያ ዕለት ስለሚነሣ ሮም ሁለት ነገር ወሰነች፤ ያለፈውን ዐሥር ቀን አንድ ጊዜ መቁረጥ፣ ለወደፊቱ ደግሞ በ400 ዓመት ውስጥ ሦስት ጊዜ የአራተኛ ዓመቷን ትርፍ ቀን መተው።

የእኛ አቆጣጠርም የተሠራው በዚያው በ365 ቀን ከ6 ሰዓት ላይ ነው። ስድስቱ ሰዓት አራት ዓመት ተጠራቅሞ በዘመነ ሉቃስ ጳጉሜን ስድስት ያደርጋታል፤ የሚቀነስ ነገር የለም። ከአውሮፓ በሰባትና በስምንት ዓመት መለየታችን ደግሞ ሌላ ጉዳይ ነው። እስክንድርያ ከአዳም እስከ ክርስቶስ 5500 ዓመት ብላ ቆጠረች፤ ሮም የተከተለችው በ6ኛው መቶ ዘመን የተነሣው ዲዮናስዮስ የተባለ መነኩሴ ያወጣውን ሒሳብ ነው። የዓመት ቁጥር ልዩነት ማንንም ከማንም ጋር አላጣላም፤ ሰው ዓመት አይጾምም። ያጣላው የቀኑ ልዩነት ነው።

አዲሱን አቆጣጠር ወደ ኢትዮጵያ ይዘው የመጡት ኢየሱሳውያን የተባሉት የካቶሊክ ሚስዮናውያን ናቸው። ከእነሱ መካከል ስመ ጥሩው ስፔናዊው ፔድሮ ፓኤዝ ነው። በመጀመሪያ ሙከራው በመንገድ ላይ ተይዞ ሰባት ዓመት ያህል የመን ውስጥ በምርኮ ከቆየ በኋላ በ1595 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ገባ። ዐፄ ሱስንዮስ በ1599 ዓ.ም. ዐፄ ያዕቆብን ድል ነሥተው ሲነግሡ ከፎገራ ብዙም በማይርቀው በቆጋ ከተማቸው ጠርተው አነጋገሩት። ፓኤዝ ግእዙንም አማርኛውንም ተማረ፣ ግንብ ሠራ፣ በ1610 ዓ.ም. ግሽ ዓባይን አየ፤ ከሁሉ በላይ ግን አይቸኩልም ነበር። የአገሩን ጾምና በዓል በአንድ ጊዜ ለመንቀል አልተነሣም።

ነገሩ መካረር የጀመረው በቅዳሜ ነው። ንጉሡ ሰንበተ አይሁድ መከበሩ ይቅር፣ ገበሬ ቅዳሜ ይረስ ብለው ዐወጁ። በ1609 ዓ.ም. የንጉሡ አማች ዮልዮስ ሸፈተ፤ ከእርሱ ጋር የቆሙት ጳጳሱ አቡነ ስምዖንም አብረው ወደቁ። ጥቂት ዓመት ቆይቶ የበጌምድር ገዥ ዮናኤል በዚሁ በቅዳሜ ምክንያት ዐመፀ። ፎገራ የበጌምድር ሜዳ ነው፤ ስለዚህ የጊዜ ጠብ ወደዚህ አገር የገባው አንድ ሳምንት ስንት የዕረፍት ቀን አለው በሚል ጥያቄ ነው ማለት ይቻላል። ሱስንዮስ በ1614 ዓ.ም. የሮማን ሃይማኖት በይፋ ተቀበሉ። ፓኤዝ በዚያው ዓመት በግንቦት ሞተ።

በእርሱ እግር የተተካው ፓትርያርክ አፎንሶ ሜንዴዝ በ1617 ዓ.ም. ደረሰ፤ ጠባዩ ሌላ ነው። በየካቲት 1618 ዓ.ም. ደንቀዝ ላይ ንጉሡ፣ መኳንንቱና ካህናቱ ለሮም ታዛዥ ለመሆን በፊቱ ማሉ። ከመሐላው በኋላ የወጡት ትእዛዞች ብዙ ናቸው። ካህናቱ እንደገና ይካኑ፣ ሕዝቡ እንደገና ይጠመቅ፣ አብያተ ክርስቲያናቱ እንደገና ይባረኩ፣ የረቡዕ ጾም ወደ ቅዳሜ ይዛወር። በዓላትና አጽዋማትም በሮማ አቆጣጠር ይዋሉ። ሮም በአንድ ሌሊት የቆረጠችው ዐሥር ቀን አሁን ከጣና ዳር ሰው ዕድሜ ላይ ሊቆረጥ ሆነ።

ትእዛዙ ምን ማለት እንደነበረ ለማየት ቀኖቹን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይበቃል። የመጀመሪያው የሮማ ገና ከመሐላው በኋላ በ1619 ዓ.ም. ነው። በዚያ ዘመን ሁለቱ አቆጣጠሮች በዐሥር ቀን ስለሚለያዩ ዲሴምበር 25 የዋለው ታኅሣሥ 19 ነው፤ ዕለቱም ዓርብ። ለአገሬው ታኅሣሥ 19 ቅዱስ ገብርኤል ሠለስቱ ደቂቅን ከእሳት ያወጣበት ክብረ በዓል ነው። ኅዳር 15 የገባው ጾመ ነቢያት ገና ዐሥር ቀን ይቀረዋል፤ በዚያ ላይ ዓርብ ራሱ የጾም ቀን ነው። በሮማ ሥርዓት ግን ገና ዓርብ ላይ ቢውልም ሥጋ ይበላል። እንግዲህ በአንድ ቀን፣ በአንድ አገር፣ አንዱ በጾም ማኅሌት ቆሞ ሌላው ፍሪዳ ያርዳል።

ከዚያ የባሰው ሦስት ቀን ቆይቶ ይመጣል። በእኛ ስንክሳር ታኅሣሥ 22 የብሥራት በዓል ነው፤ መልአኩ ለእመቤታችን ትፀንሻለሽ ያላት የሚታሰብበት። የሮማን ገና በ19 ያከበረ ሰው ብሥራቱን በ22 ቢሰማ ልጁ ከተወለደ በኋላ ልትፀንሺ ነው መባሉ ነው። ጥምቀትም እንዲሁ ከጥር 11 ወደ ጥር 1 ይወርዳል። የአገሩ በዓላት አንዱ ከሌላው ጋር ተያይዘው የተደረደሩ ስለሆኑ አንዱን በዐሥር ቀን ሲስቡት ሌላው ትርጉሙን ያጣል።

ፋሲካው ደግሞ የራሱ ታሪክ አለው። በ1618 ዓ.ም. በባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም በእኛ የበዓላት ማውጫ ሒሳብ፣ ትንሣኤ የዋለው ሚያዝያ 14 ነው፤ በሮማ ስሌት ሚያዝያ 7፣ ልክ በእኛ ሆሣዕና። በሚቀጥለው ዓመት ግን ሁለቱ ስሌቶች ገጠሙ። በ1619 ዓ.ም. የሮማውም የእኛውም ፋሲካ መጋቢት 29 ዋለ፤ ሊቃውንቱ ጌታ መጀመሪያ የተነሣበት ነው የሚሉት ጥንተ ትንሣኤም ይኸው ቀን ነው። በ1620 ሚያዝያ 18፣ በ1621 ሚያዝያ 10፣ ሁለቱም አንድ ላይ። ሮም ፀሐይን ለማረም ያን ያህል ደክማ፣ የፋሲካው እሑድ በአብዛኛው ከጥንቱ ጋር አንድ ሆኖ ይወጣ ነበር።

1622 ዓ.ም. ግን ልዩነቱ የታየበት ዓመት ነው። የባሕረ ሐሳብ ተማሪ ያን ዓመት እንዲህ ያወጣዋል። 5500 ላይ 1622 ሲደመር ዓመተ ዓለም 7122 ይሆናል። በ19 ሲገደፍ 16 ይተርፋል፤ አንድ ለዘመኑ ሲነሣለት ወንበሩ 15። ወንበሩን በ11 አባዝቶ በ30 ሲገድፈው አበቅቴው 15፣ በ19 አባዝቶ በ30 ሲገድፈው መጥቅዑ 15፤ አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30፣ ሒሳቡ ልክ ነው። መጥቅዑ ከ14 ስለበለጠ በዓለ መጥቅዕ መስከረም 15 ይውላል፤ ዕለቱ ቅዳሜ ነው። የቅዳሜ ተውሳክ 8፤ 15 ላይ ሲደመር መባጃ ሐመሩ 23። ነነዌ ጥር 23 ገባች፤ ዐቢይ ጾም የካቲት 7፤ ትንሣኤ ሚያዝያ 2።

በዚያው ዓመት የሮማው ሒሳብ ፋሲካን ያወጣው መጋቢት 25 ላይ ነው። ባሕረ ሐሳብ ለተማረ ሰው ይህ ሊሆን የማይችል ቀን ነው። በእኛ ሥርዓት ፋሲካ ከመጋቢት 26 አይወርድም፣ ከሚያዝያ 30 አይወጣም። መጋቢት 25 ለባላገሩ ሆሣዕና ነው፤ ዘንባባ በግንባሩ አስሮ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለስ የሕማማት ሳምንት ከፊቱ ተደቅኗል። የሮማውን የተከተለ ግን በዚያው ጠዋት ክርስቶስ ተነሥቷል ብሎ ይፈስካል። በሚሰገድበትና ጥሬ በሚበላበት ሰሙነ ሕማማት ከጎረቤት ቤት የሥጋ ሽታ መውጣቱን ያሰበ ሰው የጠቡን ስፋት ይረዳል። የአስተምህሮ ክርክር በሊቃውንት ጉባኤ ይዘጋል፤ ስለ ክርስቶስ ባሕርይ የተባለውን ገበሬው ላይሰማው ይችላል። ጾሙ ሲፈርስ ግን ይሰማዋል፤ ከወጡ፣ ከገበያው፣ ከእርዱ ያየዋል።

በዚህ ጊዜ ዐመፁ በየአቅጣጫው ተቀጣጥሎ ነበር። የላስታ ሰዎች መልክአ ክርስቶስን አንግሠው በበጌምድር ላይ ይወርዱ ጀመር። ሱስንዮስ በጦርነቱ ብዛት ሲደክሙ ፓትርያርኩን ጥቂት እንዲያላላ ለመኑት። ሜንዴዝ በመጨረሻ ሦስት ነገር ፈቀደ። የጥንቱ ቅዳሴ ታርሞ ይቀደስ፤ የወደደ ሰው በቅዳሜ ፈንታ ረቡዕን ይጹም፤ በዓላትም በአገሩ በጥንቱ ቀን ይዋሉ። ፋሲካና ከፋሲካ ጋር የሚወጡ የሚወርዱት ግን በሮማው አቆጣጠር ይቆዩ አለ።

እዚህ ላይ የነገሩ አስገራሚነት ይገለጣል። ከመሐላው ዓመት ከ1618 እስከ 1624 ባሉት ሰባት ፋሲካዎች አምስቱ በሁለቱም ስሌት በአንድ እሑድ ውለዋል፤ የተለያዩት በ1618 እና በ1622 ብቻ፣ ያውም በአንድ ሳምንት ነው። ሜንዴዝ አጥብቆ የያዘው ከሰባት ዓመት አምስቱን ለውጥ የማያመጣውን ነገር ነበር። በየዓመቱ ሳይቀር ዐሥር ቀን የሚለየውን የገናንና የጥምቀትን ነገር የለቀቀው ደግሞ ሕዝቡ ተቆርጦ ከሄደ በኋላ ነው።

በሰኔ 1624 ዓ.ም. ከጣና በስተ ምሥራቅ ወይና ደጋ ላይ የንጉሡ ጦርና የመልክአ ክርስቶስ ጦር ተገናኙ። ዘጠና ዓመት ያህል ቀደም ብሎ ኢማም አሕመድ የወደቀውም ወይና ደጋ በሚባለው ስፍራ ነበር። ሱስንዮስ ድል አደረጉ። በዘመኑ የጻፉ ሰዎች የሞተውን 8000 ያህል ያደርሱታል። ከሟቾቹ ብዙው እርፍ ጨብጦ የኖረ ገበሬ ነው፤ እስላም ወይም አረመኔ ሳይሆን ትናንት የንጉሡ ግብር ከፋይ የነበረ ክርስቲያን። ልጃቸው ፋሲለደስና መኳንንቱ ይህን ለንጉሡ አሳዩአቸው። በዚያው ሰኔ ሱስንዮስ የአባቶቻችሁን ሃይማኖት መልሰንላችኋል ብለው ዐወጁ፤ መንግሥቱን ለልጃቸው ሰጡ። በመስከረም 1625 ዓ.ም. ዐረፉ። ፋሲለደስ ኢየሱሳውያኑን መጀመሪያ ወደ ትግራይ ወደ ፍሬሞና፣ ቀጥሎም ከአገር አስወጧቸው፤ ጎንደርንም ቆረቆሩ። ጾመ ነቢያትም፣ ገናም፣ ጥምቀትም በቦታቸው ገቡ። ለታሪክ ጸሐፊ የቀረው ሥራ የኢየሱሳውያኑን ደብዳቤና የነገሥታቱን ዜና መዋዕል ሲያስተያይ ዐሥሯን ቀን መደመርና መቀነስ ነው፤ ይህን የዘነጋ አንዱን ቀን ሁለት ያደርገዋል።

ጠቡ ግን የፎገራ ብቻ እንዳልነበረ ከዚያ ወዲህ ታየ። ከኢየሱሳውያን ጋር አብረው የተሰደዱት አባ ጎርጎርዮስ በ1640ዎቹ ዓ.ም. ሮም ላይ ከጀርመናዊው ሊቅ ከሉዶልፍ ጋር ተዋወቁ፤ ጎታ ወደተባለችው የጀርመን ከተማ ተጠርተውም ሄዱ። ጎታ ፕሮቴስታንት ስለነበረች የጳጳሱን አቆጣጠር አልተቀበለችም። እኚህ ኢትዮጵያዊ ከሮም ተነሥተው ጎታ ሲገቡ የቆጠሯቸውን ዐሥር ቀኖች መልሰው አገኙ። የጀርመን ፕሮቴስታንቶች አቆጣጠራቸውን የቀየሩት በ1700 እ.ኤ.አ. ነው። እንግሊዝ እስከ 1752፣ ሩስያ እስከ 1918፣ ግሪክ እስከ 1923 ቆዩ። ፀሐይ ለሁሉም አንድ ነበረች። ሮም ያለችውን መቀበል ግን ለማን እገዛለሁ የሚል ጥያቄ ሆኖ ስለተወሰደ አንዳንዱ መንግሥት ከሦስት መቶ ዓመት በላይ ፈጀበት።

ልዩነቱም በዐሥር አልቆመም። ሮም ትርፏን ቀን በምትተውበት በ1700፣ በ1800 እና በ1900 እ.ኤ.አ. አንዳንድ ቀን እየጨመረ 13 ደርሷል። የዓድዋ ድል የሆነው እሑድ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው፤ በአውሮፓ መጻሕፍት ማርች 1 ቀን 1896 ተብሎ ተመዝግቧል። ዛሬ የካቲት 23ን ስናከብር የአውሮፓው ሰሌዳ ማርች 2 ይላል። ከድሉ በኋላ በመጣው በ1900 እ.ኤ.አ. ሮም ፌብሩዋሪ 29ን ስለተወች እኛ ሳንንቀሳቀስ ቀኑ አንድ ተራመደ። ገናም በ19ኛው መቶ ዘመን ጃንዋሪ 6 ይውል የነበረው ወደ 7 የመጣው በዚሁ ነው። በመስከረም 1 ቀን 2000 ዓ.ም. አገሩ ሁሉ አዲስ ሺህ ዓመት ሲቀበል የሌላው ዓለም ሰሌዳ ሴፕቴምበር 12 ቀን 2007 ላይ ነበር።

ወደ ፎገራ ስንመለስ፣ የሜዳው ከተማ ወረታ ዛሬ የባሕር ዳርና የጎንደር መንገድ ለደብረ ታቦር የሚገነጠልባት ከተማ ናት። ሜዳው በ1970ዎቹ ከሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች ጋር በመጣው ሩዝ ተለውጧል፤ ኤክስ ጅግና የተባለው ዘር ለረዥም ጊዜ ገበሬው የተማመነበት ነው፤ የፎገራ ብሔራዊ የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከልም እዚሁ ይገኛል። ገበሬው ሩዙን በሰኔ ይዘራል፤ የምርምር ጽሑፉ ለውጭ አንባቢ ሲታተም ያው ወር ጁን ይሆናል። አንድ ማሳ በሁለት አቆጣጠር ይመዘገባል፤ ለዚህ የሚሞትም የሚገድልም የለም።

የያኔውና የዛሬው ልዩነት ያለው እዚህ ላይ ይመስለኛል። በፀሐይ ጉዳይ ሮም ትክክል ነበረች፤ ከሱስንዮስ ዘመን ወዲህ ወቅቶች በእኛ አቆጣጠር ሦስት ቀን ያህል ቀድመዋል። ርብ ግን ሲሞላ በሦስት ቀን የሚለካ ወንዝ አይደለም፤ ገበሬውም ደመናውን አይቶ ነው የሚዘራው። ያገሬው ሰው በ1619 እና በ1622 የተከላከለው የፀሐይን ሒሳብ አልነበረም፤ ከጎረቤቱ ጋር አንድ ቀን ጾሞ አንድ ቀን የመፍታቱን ነገር ነው። ሁለተኛ አቆጣጠር በፈቃድ ሲመጣ በባንክ ደረሰኝና በትምህርት ቤት ወረቀት ላይ ቦታውን ይዞ ይኖራል፤ በመሐላና በዐዋጅ ሲመጣ ግን የሰውን ጾም ያፈርሳል። በ2100 እ.ኤ.አ. ሮም ትርፏን ቀን እንደገና ትተዋለች፤ ልዩነቱ 14 ይሆናል። በ2093 ዓ.ም. ታኅሣሥ 29 የሚውለው ገና በአውሮፓ ሰሌዳ ጃንዋሪ 8 ይነበባል። የፎገራ ሰው ያን ቀን እንደ ልማዱ ጾሙን ይፈታል፤ ሰሌዳውን ማስተካከል የአታሚዎቹ ሥራ ይሆናል።